የማን እንደሆነ ያልታወቀው ጀልባ

ዳንግላ ከገበያው በላይ፣ አሥራ አንድ ዓመት ፊልም ያወራሁበት ቤት ዛሬ የሞባይል መጠገኛ ሆኗል። በቀደም ለት የልጅ ልጄን ስልክ ላሠራ ገባሁና ዓይኔ አግዳሚ ወንበሮቹን ፈለገ።

"ምን ጠፋብዎት እማማ?" አለኝ ጠጋኙ።

"አግዳሚዎቹ።"

"የምን አግዳሚ?"

ተውኩት። ግድግዳው ላይ ግን ጋሽ ልየው ጭንቅላታቸውን እያስደገፉ ያወዙት ቦታ አለ። ሁለት ጊዜ ቀለም ተቀብቷል፤ ወዙ ቀለሙን አልፎ ብቅ ብሏል። ሳቄ መጣ። ቤቴ ገብቼ ደብተር ፈለግሁ። ፊደል የቆጠርኩት በመሠረተ ትምህርት ዘመን ነውና እጄ ይዘገያል፤ ግን ማን ያስቸኩለኛል?

ፊልም ማውራት ምን እንደሆነ የማያውቁ ልጆች ስላሉ እሱን ላስቀድም። ያኔ የህንድ ፊልም የሚመጣው በራሱ ቋንቋ ነው። ቪዲዮ ቤቱ ውስጥ ከቴሌቪዥኑ አጠገብ ሰው ይቀመጥና "አባትየው ተቆጣ፤ ልጄን ለዚህ አልድርም አለ" እያለ ይናገራል። የዳንግላው ተናጋሪ ጋሽ ልየው ነበሩ። በድሮው መንግሥት ወታደር ሆነው አሥመራ ብዙ ዓመት ተቀምጠዋል፤ እዚያ ሲኒማ ቤት እየገቡ ህንድኛውን በጆሯቸው ለቀሙት። ስለ ጦርነቱ አንድም ቀን ሲያወሩ ሰምቼ አላውቅም። ስለ ሲኒማ ቤቱ ወንበር ልስላሴ ግን ቀን ሙሉ ያወራሉ።

እኔ በሩ ላይ ቆሎ እሸጥ ነበር። ከገጠር ከሚመጣው ሰው ብዙው አማርኛ አይሞላለትም። ገበያ ውሎ ይገባና፣ ሌላው ሲስቅ እሱ ዘግይቶ ይስቃል። አንዲት ባልቴት "ምን አለች?" ብላ በአዊኛ ጠየቀችኝ፤ ነገርኳት። በሚቀጥለው ገበያ ሁለት ሆኑ። በሦስተኛው፣ ከኋላ ረድፍ የእኔ ሹክሹክታ ከጋሽ ልየው ድምፅ በለጠ። ፊልሙን አስቁመው ተነሡ። ሊያባርሩኝ ነው ብዬ ቆሎዬን ሰበሰብኩ።

"ማን ናት ከኋላ ሁለተኛ ፊልም የምታሳይ?"

ቤቱ በሳቅ ሞላ።

"እኔ ነኝ ጋሽዬ፤ ይቅር ይበሉኝ።"

"ይቅር የምልሽ ወደፊት መጥተሽ ከተቀመጥሽ ነው። ሰው አንገቱን ወደኋላ አዙሮ ፊልም አያይም!"

ከዚያን ቀን ጀምሮ ሁለት ወንበር ሆነ። እሳቸው በአማርኛ፣ እኔ ተከትዬ በአዊኛ። ክፍያው ከቆሎው ይሻል ነበር፤ ከዚያ በላይ የሚነገርለት አይደለም።

ሥራው ከውጭ ሲያዩት የአፍ ብቻ ይመስላል። ጋሽ ልየው አንድን ፊልም ለሰው ከማሳየታቸው በፊት ብቻቸውን ሦስት ጊዜ ያዩታል፤ የመጀመሪያውን ድምፁን አጥፍተው ነው። መጀመሪያ ሳይ ቴሌቪዥኑ የተበላሸ መስሎኝ ነበር።

"ለምን ያጠፉታል?"

"በዓይኔ ይግባኝ ብዬ። ሰው በአፉ ይዋሻል፤ በትከሻው ግን አይችልም።"

ሌላም ልማድ ነበራቸው። አፋቸው ከሥዕሉ አይቀድምም። ሌባው ከበሩ ጀርባ መኖሩን እኛ ብናውቅም ተመልካቹ እስኪያየው ድረስ አይናገሩም። በፊልሙ ውስጥ ሰው ሲያለቅስ ደግሞ ፈጽመው ዝም ይላሉ፤ የማር ውሃቸውን አንስተው ይጠጣሉ። ከተመልካቹ መካከል "ምን እያለች ነው የምታለቅሰው?" የሚል አይጠፋም። "የሚያለቅስ ሰው አስተርጓሚ አይፈልግም" ብለው ይመልሱለታል።

የእኔ ጭንቅ ሌላ ነበር፤ ነገሩን ሰው ከሚያውቀው ጋር ማገናኘት። ባቡርን "ሃያ አውቶቡስ አንዱ የአንዱን ጭራ ይዞ" አልኩ። ይህን ያልኩት ከጋሽ ልየው ጋር ጄኔሬተሩንና ቴሌቪዥኑን ጋሪ ላይ ጭነን በየገበያው መዞር ከጀመርን ወዲህ ነው። ቅዳሜ አዲስ ቅዳም ነን። እዚያ ተመልካቹ ዲከረንስ የሚባለውን ዛፍ ተክሎ ከሰል የሚያከስል ነው። በጠቆረ እጁ እንባውን ሲጠርግ ፊቱ ይዥጎረጎራል፤ ፊልሙ ሲያልቅ እርስ በርሱ ተያይቶ ይሳሳቃል። እንጅባራ ብርድ ነው፤ ሁሉም ጋቢው ውስጥ ስለሚገባ የሚስቀውን የማውቀው ጋቢው ሲንቀጠቀጥ ነው። ጫግኒዎች ለቴሌቪዥኑ መልስ ይሰጣሉ፤ "አትመኚው! ውሸቱን ነው!" ይሏታል ሙሽራዋን። ግምጃ ቤት የሚባለው ከተማ ደግሞ የእግር መንገዱ ሩቅ ነውና ሰው እየቸኮለ "እትዬ ትርንጎ፣ መጨረሻውን ብቻ ንገሪንና እንሂድ" ይለኛል።

ይህ የፊልም መጨረሻ ነገር ነው ኋላ እኔን የጣለኝ። በእኛ አገር ተረት የጀመረ ሰው ሳይጨርስ አይነሣም። ዲስኩ ተጭሮ መሐል ላይ ቀጥ ሲል፣ ሁለት ሰዓት በእግሩ የመጣን ሰው "አላለቀም" ብዬ አልሸኝም። ከራሴ ጨምሬ አጋባቸዋለሁ፣ አስታርቃቸዋለሁ። ጋሽ ልየው ይህን ያውቃሉ። አንድ ቀን "ዲስክ ሲሰበር ትችያለሽ፤ ፊልሙ ራሱ ሲያቆም ግን እጅሽን ሰብስቢ" አሉኝ። እሺ አልኩ። እሺ ማለት መቼ ይከብዳል!

ያ ፊልም የመጣው ከባሕር ዳር በተገዙ ዲስኮች መካከል ተደባልቆ ነው። ሽፋን የለው፣ ሥዕል የለው። ከፈትነው። ዘፈን የለም፤ ጭፈራ የለም፤ ጡንቸኛም የለም። ወንዝ ዳር ያለ የሣር ቤት መንደር፣ ጀልባ የሚቀዝፍ ሰው፣ ሚስቱ፣ አሮጊት እናቱ። ጋሽ ልየው ጆሯቸውን አስጠጉ።

"ይሄ ህንድኛ አይደለም" አሉ።

"ህንዶች አይደሉም እንዴ?"

"ናቸው። ቋንቋው ግን ሌላ ነው። አሁን እኔም እንዳንቺ ነኝ።"

እንደ እኔ ሲሆኑ አይቻቸው አላውቅምና ደስ አለኝ፤ አልዋሽም። ድምፁን አጥፍተን ሁለታችን እኩል ተቀመጥን። መንግሥት የላካቸው ሰዎች መጡ፤ ጀልባዎቹን ቆጠሩ፤ ከዚያ አንድ በአንድ ሰባበሯቸው። በላያቸው አውሮፕላን ሲያልፍ ሕፃናቱ እጃቸውን ያውለበልባሉ። ከዚያ ሩዙ ከገበያ ጠፋ። ተኩስ የለም፤ ወታደርም ከሩቅ እንጂ አይታይም። የሰዉ ጉንጭ ግን ቀን በቀን እየጎደጎደ ሄደ። ባልየው ወታደሮቹ የሰፈሩበት አገር ሥራ አለ ተብሎ በእግሩ ወጣ። ሚስቱ በየቀኑ ወንዙ ዳር ትቆማለች።

ይህ ነገር እንቅልፍ ነሳኝ። ጀልባ ምን አጠፋ? ሩዙንስ ማን በላው? እንጅባራ ለማስተማር የመጣ ህንዳዊ ነበር፤ ያገሩ ዘፈን ሲናፍቀው ከእኛ ዘንድ ይመጣል። ጋሽ ልየው እየተረጎሙልኝ ጠየቅሁት። ቋንቋው ቤንጋሊ እንደሚባል፣ የእሱ አገር ከዚያ ሩቅ ስለሆነ እሱም በደንብ እንደማይሰማው ነገረን። ዘመኑ ግን ገብቶታል፤ ጣሊያን ከእኛ አገር በወጣበት ሰሞን የነበረው የዓለም ጦርነት ነው።

"እንግሊዝ ይገዛቸው ነበር" አለ። "ጠላት ከምሥራቅ ቢመጣ ጀልባቸውን ይጠቀምበታል ብሎ ፈራ። ስለዚህ ሰበረው።"

"ጠላቱ መጣ?"

"እዚያ መንደር? አልመጣም።"

"ታዲያ ሩዙ የት ሄደ?"

"ያለ ጀልባ እንዴት ይጓጓዝ? ደግሞ ለወታደሩ ይገዛል፤ የቀረውን ነጋዴ ይደብቃል።"

እኔ ኮታ የነበረበትን ዘመን አስታወስኩ። ከአውድማችን እህል እየተጫነ ሲሄድ እናቴ "የት ነው?" ስትል "ለሰሜኑ ጦር" ይሏት ነበር። ሰሜን ለእናቴ ከጣና ወዲያ ያለ ጭጋግ ነው። እንግዲህ ወንዝ ዳር ያለችውም የቤንጋል ሴት እንዲሁ አንድ ጭጋግ ነበራት ማለት ነው። ይህን ፊልም ለሰው ካላሳየን ብዬ ያዝኩ። ጋሽ ልየው ጉሮሯቸውን ያማቸው ስለነበር "አንቺው በሁለቱም ቋንቋ ተናገሪ፤ የገባው ላንቺ ነው" አሉኝ።

አሁን ሙሉን ላስተዋውቃችሁ። ሙሉ አጥር ለአጥር ጎረቤቴ ናት፤ ከልጅነት ጀምሮ አብረን ነን። አዲሱ የሚባል አንድ ወንድ ልጅ ነበራት። ከኤርትራ ጋር ጦርነት በሆነ ጊዜ ዘመተ። መርዶም አልመጣ፣ ደብዳቤም አልመጣ፣ ከተመለሱት አንዱም "አይቼዋለሁ" አላለ። እሷ ከዚያ ወዲህ የውጭ በሯን አትቀረቅርም። ማዕድ ስታነሣ የእሱን ድርሻ መሶቡ ውስጥ ትተዋለች። ሴት ልጇ ብርቄና የንስሐ አባቷ "ተዝካሩ ይውጣለት፤ ነፍሱም ታርፍ፣ አንቺም ታርፊ" ሲሏት "በእጄ ልግደለው?" ትላቸዋለች። ለስንት ዓመት እንዲህ ስትል ኖራ በዚያ ሰሞን እሺ አለች። ቀን ተቆረጠ፤ ጌሾው ተወቀጠ፤ ብቅሉ በቀለ። ብርቄ እፎይ አለች።

እኔም ሙሉን "ነይ፣ ጭፈራ የሌለው የገበሬ ፊልም አለ፤ አሳቡን ያስረሳሻል" አልኳት። ፊልም ቤት ገብታ አታውቅም። እኔ ነኝ የጠራኋት።

የገበያ ቀን ነበር፤ ቤቱ ጢም ብሏል። ጀልባውን ለገጠሩ ሰው ለማስረዳት "ጀልባ ለእነዚህ ሰዎች ፈረስ ነው፤ አያርሱበትም እንጂ ኑሯቸው ነው" አልኩ። ጀልባው ሲሰበር አንድ ገበሬ ብድግ አለ።

"ፈረሴን እንዲህ ሊያደርግ የሚመጣ ካለ ይሞክረኛ!"

"ቁጭ በል አያ፣ ፈረስህ ውጭ ታስሯል፤ ማንም አልነካው" አሉት ከኋላ።

ከዚያ በኋላ ግን የሚቀልድ ጠፋ። ሙሉ ከፊት ረድፍ ነበረች፤ ነጠላዋን አፏ ላይ ይዛለች።

መጨረሻው እንዲህ ነው። ሴትዮዋ ወንዙ ዳር ቆማለች። ከሩቅ አንድ ጀልባ ብቅ ይላል፤ ከተሰበሩት የተረፈ ይሁን ከሌላ አገር የመጣ አይታወቅም። ሰው አለበት። ፊቱ ሳይለይ፣ እሷም ሳትነቃነቅ ፊልሙ ያልቃል። በቃ። ሦስት ጊዜ አይቼዋለሁ፤ ሦስቱንም ጊዜ እንዲያ ነው።

እኔ ግን ሙሉን አየኋት። ሰዉ ሁሉ "ከዚያስ? ከዚያስ እትዬ?" ይለኛል። አፌ ከሥዕሉ ቀደመ።

"መጣ!" አልኩ፤ መጀመሪያ በአዊኛ፣ ቀጥዬ በአማርኛ። "ባሏ ነው። ተመልሶ መጣ!"

ሴቶቹ እልል አሉ። ሙሉ አላለችም፤ ፈገግ ብቻ አለች። እኔም መልካም የሠራሁ መስሎኝ እየዘመርኩ ቤቱን ጠርጌ ዘጋሁ።

በሦስተኛው ቀን ብርቄ መጣች። በር ላይ ቆመች እንጂ አልተቀመጠችም።

"እማማ ትርንጎ፣ እናቴን ምን አደረጓት?"

"ምን ሆነች?"

"ተዝካሩ ቀርቷል አለች። ለንስሐ አባቷም ልካላቸዋለች። ‘ያም ሰው ስንት ጊዜ ጠፍቶ መጥቷል፤ ትርንጎ ነግራኛለች’ ትላለች። ትናንት የአዲሱን ቡሉኮ አውጥታ ፀሐይ ላይ አሰጣችው። ስንት ዓመት ለምኜ እሺ ያሰኘኋትን እርስዎ በአንድ ቃል አፈረሱት!"

"ፊልም እኮ ነው ልጄ።"

"ለእርስዎ ፊልም ነው። እሷ መች ፊልም አየች?"

በሕይወቴ ሰው በድያለሁ፤ በሥራዬ ግን ያን ቀን ነው የበደልኩት። ወደ ጋሽ ልየው ሄጄ ሁሉን ነገርኳቸው። ይቆጡኛል ብዬ ነበር። ድምፃቸው ተዘግቶ ስለነበር በሹክሹክታ ነው የጠየቁኝ።

"ጀልባው ላይ ያለው ሰው ማን ነው?"

"አላውቅም።"

"እሱን ማለት ነበረብሽ።"

"ሰው ‘ከዚያስ?’ እያለኝ?"

"አዎ። እኔም ከዘመቻ ስመለስ የጓደኞቼ እናቶች ‘ከዚያስ?’ ይሉኝ ነበር። ያላየሁትን አየሁ ያልኳት አንዲት እናት አለች።" ከዚያ የማር ውሃቸውን አነሡ። ስለ ጦርነቱ የሰማሁት ይህን ብቻ ነው፤ ያቺ እናት ምን እንደሆነችም አልጠየቅኋቸውም። እኔ የማልጠይቀው ነገር ጥቂት ነው።

በማግስቱ ጠዋት ሙሉን እጇን ይዤ ባዶው ቤት አስገባኋት። ጋሽ ልየው ዲስኩን አስገቡ። መስኮቱና በሩ ሁሉ ተከፍቶ ብርሃን ስለገባ ሥዕሉ ደብዘዝ ብሏል። ዳግመኛ አወራሁላት። ጀልባ ተሰበረ፤ ሩዝ ጠፋ፤ ባል ሄደ። መጨረሻው ደረሰ።

"ጀልባ እየመጣ ነው" አልኩ። "ማን እንደሆነ አላውቅም ሙሉዬ። ያን ቀን የነገርኩሽ ከራሴ ነው። ዋሽቼሻለሁ።"

ፊልሙ አለቀ። ሙሉ ከጥቁሩ ስክሪን ዓይኗን አላነሳችም።

"እሱ አይደለም" አለች።

"አይታወቅም እኮ..."

"ይታወቃል። ባሏ ቆሞ ነበር የሚቀዝፈው፤ ግራ ትከሻውን ዘንበል አድርጎ። ይሄኛው ተቀምጧል። ያን ቀንም አይቼዋለሁ። ዓይን የለኝም እንዴ?"

ጋሽ ልየው ቀና ብለው አዩኝ። እኔ ሦስት ጊዜ አይቼ ያን አላየሁም ነበር።

"ታዲያ ለምን ዝም አልሽ? ተዝካሩንስ ለምን አስቀረሽ?"

"አዲሱ ከሄደ ጀምሮ ሁሉም ‘አይመጣም’ ነው የሚለኝ። ካህኑም፣ ልጄም፣ አንቺም በልብሽ። አንድ ሰው አፉን ሞልቶ ‘መጣ’ ሲል የሰማሁት ያን ቀን ነው። ቃሉ ደስ አለኝ። ጥቂት ቀን ልኑርበት ብዬ ነው።"

ይህን ብላ ማልቀስ ጀመረች። ጮክ ብላ አይደለም፤ ትከሻዋ ብቻ ነው የሚሄደው። "አይዞሽ" ልል አፌን ስከፍት ጋሽ ልየው ጣታቸውን ብቻ አነሡ። ዘጋሁት። ሦስታችን ተቀመጥን። ውጭ ጋሪ አለፈ፣ ባጃጅ ጥሩምባ ነፋ፣ ሰው ሰላምታ ተለዋወጠ። በኋላ ነጠላዋን አስተካክላ ተነሣች።

"ልሂድ። ብቅሉ ይሻግትብኛል" አለች።

ተዝካሩ በተቆረጠው ቀን ወጣ። ስንበላ ብርቄ ወደኔ መጥታ ሳህኔን ሞላችው። በእነሙሉ ቤት ያን ቀን ሁለት ነገር አየሁ። መሶቡ ውስጥ የተረፈ ድርሻ አልነበረም። የውጭ በሩ ግን እስከዛሬም አይቀረቀርም፤ ለምን እንደሆነ ይህንንም ሳልጠይቃት ቀርቻለሁ።

ፊልሙን ከዚያ በኋላ በየገበያው አዞርነው። "ከዚያስ?" ሲሉኝ "እንጃ" እላለሁ። ግምጃ ቤት ተቆጡኝ፤ አዲስ ቅዳም ግን ከሰል አክሳዮቹ ተቀምጠው ተከራከሩበት፤ ግማሹ ባሏ ነው፣ ግማሹ አይደለም። አንዱ "ጀልባው ሩዝ የጫነ ቢሆንስ?" አለ። ይህ ለእኔም መጥቶልኝ አያውቅም ነበር፤ እስካሁን አስበዋለሁ።

ከዚያ ዲሽ መጣ። ቱርኩም ህንዱም ቤት ድረስ ገብቶ በአማርኛ መናገር ጀመረ፤ አግዳሚዎቻችን ባዶ ሆኑ። ጋሽ ልየውም አረፉ። አሁን አሁን ሲመሽ ብርቄ ቤት ሄደን ከሙሉ ጋር ተከታታይ ፊልም እናያለን። ከንፈራቸው ሌላ፣ ድምፃቸው ሌላ ነው፤ አዲስ አበባ ያለች ልጅ የማታውቃትን ሴት ልቅሶ ታለቅስላታለች። እንዴት እንደሚሠሩት ባውቅ ደስ ይለኝ ነበር።

አንዲት ሴት ስታለቅስ ግን ሙሉ ዘወር ትላለች።

"ብርቄ፣ ድምፁን አጥፊው።"

ብርቄ ሪሞቱን ትጫናለች። ሦስታችን የሴትዮዋን ትከሻ እናያለን። ስትጨርስ ሙሉ "አሁን መልሺው" ትላለች።